ጥላ ተከትሎ የተጻፈ ቁጥር

በዚያ ግቢ ውስጥ አሥራ ሁለት በሮች አሉ። ሁሉም የመንግሥት ቤቶች ናቸው፤ በአንድ ረጅም ጣሪያ ሥር ትከሻ ለትከሻ ተደርድረው፣ ከግቢው የብረት መግቢያ ተነስተው እስከ መጋዘኑ ግድግዳ ይዘልቃሉ። በእያንዳንዱ በር ላይ፣ ነጭ ክብ ውስጥ በጥቁር ቀለም የተጻፈ ቁጥር አለ። ቁጥሮቹ ከተጻፉ ሠላሳ አንድ ዓመት ሆኗቸዋል። አንዱም አልተላጠም፤ አንዱም አልዘመመም። ይህን ለማወቅ ደግሞ ቀርቦ ማየት አያስፈልግም፤ የጻፋቸው ሰው ግቢውን ለረገጠ ሁሉ፣ ፖስተኛም ይሁን ቆጣሪ አንባቢ፣ ሳይጠየቅ ይናገራል።

ሰውየው ቀለም ቀቢ ነው። የግቢው ሰው ጋሽ ውሃልክ ይለዋል፤ ያለ ውሃልክ ከቤቱ ወጥቶ አያውቅማ። መዳፍ የምታህል እንጨት ናት፤ መሃሏ ላይ ባለች ብርጭቆ ውስጥ አንዲት አረፋ ትንሳፈፋለች። አረፋዋ መሃል ካልቆመች ለእሱ ነገሩ ሁሉ ጠማማ ነው። አንዴ የታመመ ጎረቤት ሊጠይቅ ሄዶ፣ በሽተኛው እያቃሰተ ሳለ እሱ ወንበር ላይ ወጥቶ የግድግዳ ሰዓት ሲያቃና ተገኝቷል። በሽተኛው ሳቀና ተሻለው፤ ቢያንስ ጋሽ ውሃልክ ሲያወራው እንደዚያ ነው።

እንዲህ ያለ ሰው አንድ ኩራት ይበቃዋል። የእሱ ኩራት «በሕይወቴ ሁለቴ የጻፍኩት ቁጥር የለም» የሚል ነበር። ባለቤቱ ዕድሜዋን ሙሉ የስልክ ኦፕሬተር ሆና የሰውን ወሬ ከጫፍ ጫፍ ስታገናኝ ኖራ ጡረታ የወጣች ሴት ናት፤ ይህን ሲል በሰማች ቁጥር ቀና ብላ ጣሪያውን ታያለች። ሁለቱ የሚኖሩት በር ቁጥር አሥር ውስጥ ነው። ከብረቱ መግቢያ ሲቆጠር ሦስተኛው ቤት ማለት ነው፤ ከመስኮቱ ፊት ለፊት ትልቅ ዛፍ አለ፣ ከሰዓት በኋላ ጥላው በሩ ድረስ ይመጣል። ጋሽ ውሃልክ ጡረታውን በዚያ ጥላ ሥር በአንዲት በርጩማ ላይ ለማሳለፍ ከቆረጠ ቆይቷል፤ በርጩማዋም ቀጥ ብላ እንድትቆም አንድ እግሯን በሚስማር ውፍረት ያህል አሳጥሯታል።

በር ቁጥር ሦስት የልብስ ሰፊዋ ቤት ነው። እሱ ደግሞ በዚያኛው ጫፍ፣ ከመጋዘኑ ግድግዳ ሲቆጠር ሦስተኛው ነው። ልብስ ሰፊዋ ወደዚህ ቤት የመጣችው ገና በልጅነቷ፣ አክስቷ ጋ ነበር። አክስቷ ከሞቱ ስድስት ዓመት ሆኗቸዋል። የኪራይ ውሉ እስካሁን በሟች ስም ነው። በስሟ እንዲዞርላት ለቤቶች መሥሪያ ቤት አመልክታ ነበር፤ ስድስት ዓመት ሙሉ «ጉዳይሽ በሂደት ላይ ነው» ከማለት በቀር አፋቸውን አልከፈቱም። ይህን ነገር ግቢው ሁሉ ያውቃል፣ አይወራም እንጂ። ሙሽራም ትሁን ተማሪ፣ ሱሪው የተቀደደ ዘበኛም ቢሆን፣ ልብሱን ይዞ ወደ ቁጥር ሦስት ይሄዳል፤ መስኮቱ ሥር ያለው የስፌት መኪና ሲንኳኳ ከዋለ ግቢው ሰላም ነው ማለት ነው።

አንድ ቀን ጠዋት ሦስት ሰዓት ገደማ ሁለት እንግዶች መጡ። አንደኛው የፍርድ ቤት መልእክተኛ ነው፤ በብብቱ ሥር የተጠቀለለ ትልቅ ወረቀት ይዟል። ሌላው ባርኔጣ ያደረጉ፣ ጫማቸው የተወለወለ ሽማግሌ ናቸው፤ ኋላ እንደተሰማው ጡረታ የወጡ መድኃኒት ቀማሚ ናቸው። ሽማግሌው መግቢያው ላይ ቆሙና በሮቹን በጣታቸው መቁጠር ጀመሩ፤ አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት። ሦስተኛው ላይ ሲደርሱ እጃቸው አየር ላይ ቀረ። በሦስተኛው በር ደጃፍ በርጩማው ላይ የተቀመጠው ማን ሆነና? ጋሽ ውሃልክ ነው።

«እንደምን አደሩ» አሉት። «ቁጥር ሦስትን ፈልገን ነበር። እኔ ከዚህ ከመግቢያው ሦስተኛው ነው ብዬ ነበር የማስታውሰው፤ ዛፉም ትዝ ይለኛል። ግን የእርስዎ በር ላይ አሥር ይላል።»

«አሥር ነው» አለ ጋሽ ውሃልክ፣ ደረቱን ነፋ አድርጎ። «ቁጥር አይዋሽም ጌታዬ። እኔው ነኝ የጻፍኩት፣ በሕይወቴ ሁለቴ የጻፍኩት ቁጥር የለም። ይምጡ፣ ሦስትን ላሳይዎ።»

«የልጅ ዓይን ነዋ» አሉ ሽማግሌው እየሳቁ። «ያኔ ሰባት ዓመቴ ነበር።»

እንዲህ ሆኖ ጋሽ ውሃልክ ራሱ እየመራ ወሰዳቸው። አንኳኳም ራሱ። ክቡን በጣቱ እየዞረ፣ «ይኸውላችሁ፣ ጠርዙን እዩልኝ» አለ። ልብስ ሰፊዋ ክር በጥርሷ እንደያዘች ከፈተችላቸው።

መልእክተኛው ጉዳዩን በአጭሩ ተናገረ። እነዚህ ቤቶች ድሮ የየራሳቸው ባለቤት ነበራቸው፤ መንግሥት ሲወስዳቸው ለአሥራ አንዱ ካሣ ተሰጥቷል፣ ለአንዱ አልተሰጠም። ካሣ ያልተሰጠበት ቤት የእኚህ ሽማግሌ አባት ቤት ነው። ልጅየው ዓመታት ተሟግተው ረትተዋል፤ ፍርድ ቤቱ ቁጥር ሦስት ለወራሹ ይመለስ ብሎ ወስኗል። ሕጋዊ ውል ያለው ተከራይ ቤቱን ሲለቅ መሥሪያ ቤቱ ምትክ ይሰጠዋል። ውል የሌለው ግን በአሥራ አምስት ቀን ውስጥ ለቆ መውጣት ብቻ ነው።

«ውሉ በማን ስም ነው?» አለ መልእክተኛው።

ልብስ ሰፊዋ ክሩን ከጥርሷ አወጣችው። «በአክስቴ» አለች።

ሽማግሌው ባርኔጣቸውን አወለቁ። ክፉ ሰው አልነበሩም፤ ክፉ ቢሆኑ ኖሮ ነገሩ በቀለለ ነበር። መልእክተኛው ግን ሥራውን ቀጠለ፤ የያዘውን ወረቀት በስፌት መኪናው ጠረጴዛ ላይ ዘረጋውና ጫፉ እንዳይጠቀለል የልብስ ሰፊዋን መቀስ ጫነበት። የግቢው የድሮ ፕላን ነበር። ጋሽ ውሃልክ የሙያ ነገር ሆኖበት አንገቱን አሰገገ። አሥራ ሁለት ትንንሽ ሳጥኖች፤ በአንደኛው ጫፍ የብረቱ መግቢያ፣ በሌላው መጋዘኑ። ሳጥን ቁጥር አንድ ያለው ከመግቢያው አጠገብ ነው።

ሁለቴ አየው፤ ሦስቴ አየው። ፕላኑ ከመግቢያው ይጀምራል፤ የእሱ ቁጥሮች ግን ከመጋዘኑ። ሽማግሌው በልጅነት ዓይናቸው ልክ ነበሩ። ቁጥር ሦስት ማለት ከመግቢያው ሦስተኛው፣ ዛፉን የሚያየው ቤት ነው። የእሱ የራሱ ቤት ነው።

ይህን ጊዜ «ቆይ፣ ስህተት አለ» ማለት ነበረበት። አላለም። እንደ ሌባ አንገቱን ደፍቶ ወጣና ወደ ቤቱ ሄደ።

እንዴት እንዲህ እንደሆነ ለማስታወስ ጊዜ አልፈጀበትም። በዚያን ጊዜ ወጣት ነበር፤ የቤቶች መሥሪያ ቤቱ ሰው የቀለም ቆርቆሮ አስጨብጦት «ከአንድ እስከ አሥራ ሁለት ጻፍ» ብሎት ሄደ። ከየት እንደሚጀምር አልነገረውም፤ እሱም አልጠየቀም። ቀለም ቀቢ ደግሞ ፀሐይ ላይ አይጀምርም። ፀሐይ የመታው እንጨት ላይ ቀለም ከተቀባ ያብጣል፣ ይፈነዳል፣ በዓመቱ ይላጣል። ስለዚህ ጠዋት የመጋዘኑ ጥላ ያረፈው በውስጠኛዎቹ በሮች ላይ ነበርና ከዚያ ጀመረ፤ ከሰዓት በኋላ የዛፉ ጥላ በመግቢያው በኩል ሲወርድ የቀሩትን ጨረሰ። ቁጥሮቹ ሠላሳ አንድ ዓመት ያልተላጡት በዚህ ምክንያት ነው። የተሳሳቱትም በዚሁ ምክንያት ነው። ተከራዮቹ የገቡት ከዚያ በኋላ ስለሆነ ሁሉም በሩ ላይ ያለውን ቁጥር አይቶ ተዋዋለ፤ ፕላኑን ገልጦ ያየ አልነበረም።

ሦስት ቀን ዝም አለ። ዝምታውን በሥራ ሊሸፍን ሞከረ፤ ለልብስ ሰፊዋ ላይ ታች አለ። ማመልከቻ ጸሐፊ ጋ ይዟት ሄደ፣ የትእዛዝ መቃወሚያ አስጻፈላት፣ ፍርድ ቤት መዝገብ ቤት ተሰልፎ ቀጠሮ አስያዘላት። እሷም «ጋሼ፣ አባት ሆንከኝ» ስትለው ፊቱን አዙሮ ሳል የያዘው መሰለ። ማታ ማታ አልበላም። ማለዳ ወጥቶ በሮቹን እየቆጠረ ይመለሳል፤ ቁጥራቸው እንዲቀየር የሚጠብቅ ይመስል።

በአራተኛው ቀን ምሳ ላይ ባለቤቱ ሳህኑን አነሳችና ከፊቱ ወሰደችው።

«ካልበላህ ለምን አስቀምጠዋለሁ? በል ተናገር።»

«ምን እናገራለሁ?»

«እኔ ሠላሳ ዓመት የሰው ስልክ ያገናኘሁ ሴት ነኝ። ሰው መስመሩን ይዞ ዝም ሲል ምን እንደሆነ አውቃለሁ።»

ነገራት። ጥላውንም፣ ፕላኑንም፣ ሦስተኛው ቤት የራሳቸው መሆኑንም። ሲጨርስ ትጮኻለች ብሎ ጠበቀ። እሷ ግን አፏን በመዳፏ ሸፈነች፤ ትከሻዋ መንቀጥቀጥ ጀመረ። እያለቀሰች መስሎት ደነገጠ። ስትስቅ ነበር።

«በሕይወቴ ሁለቴ የጻፍኩት» አለች፣ ትንፋሽ ሲያጥራት። «አሥራ ሁለቱንም! አንዱን እንኳ ሳትስት!»

«ይህ የሚያስቅ ነው? ቤታችን እኮ ነው።»

ዓይኗን በጋቢዋ ጫፍ ጠረገች። «ቤታችን ነው። ግን እኛ ውል አለን፤ በስምህ የተፈረመ። ምትክ ይሰጡናል። እሷ ምን አላት? የሟች ስም ነው ያላት።» ደግሞም ጨመረች፦ «ደግሞ እውነቱን ልንገርህና፣ እኔ ይህ ቤት ሰልችቶኛል። ያ የብረት በር በተከፈተ በተዘጋ ቁጥር ራሴ ላይ ነው የሚመታው። አንተ ዛፉን ትወዳለህ ብዬ ነው ሠላሳ ዓመት ዝም ያልኩት።»

ዛፉን እሷ ትወደዋለች ብሎ ነበር ጋሽ ውሃልክም ሌላ ቤት ያልጠየቀው።

«ቤቱ አይደለም ችግሩ» አለ ቀስ ብሎ። «ሰው ፊት ቆሜ ተሳስቻለሁ ማለት ነው ያቃተኝ።»

«አውቃለሁ» አለችና ሳህኑን መልሳ አስቀመጠችለት። «እሱን ከበላህ በኋላ ታስብበታለህ።»

ችሎቱ የተሰየመው በሳምንቱ ነበር። ልብስ ሰፊዋ መቃወሚያዋን ይዛ ቆመች፤ የቤቶች መሥሪያ ቤቱ ነገረ ፈጅ ሽንጡን ገትሮ ተከራከረ፤ ሴትየዋ ውል የላትም፣ መቃወም አትችልም አለ። ሕጉን ላነበበ ሰው ትክክል ነበር። ዳኛዋ መነጽራቸውን ወደ አፍንጫቸው ዝቅ አድርገው «ሌላ የሚባል አለ?» ሲሉ፣ ጋሽ ውሃልክ ከኋላው ወንበር ተነሣ። እጁን ኪሱ ውስጥ ከትቶ ውሃልኳን ጨብጧል።

«ክቡር ፍርድ ቤት፣ ስህተቱ የኔ ነው።»

«ማነዎት እርስዎ?»

«ቁጥሮቹን የጻፍኩት ቀለም ቀቢ ነኝ። ተገልብጠዋል። ከመግቢያው መጀመር ነበረብኝ፣ ከውስጥ ጀመርኩ።»

«ለምን ከውስጥ ጀመሩ?»

«ጠዋት ጥላው እዚያ ነበር። ፀሐይ ላይ ቀለም አይቀባም።»

ነገረ ፈጁ ሳቀ፤ ችሎቱ ውስጥ ሌላም ሰው ሳቀ። ዳኛዋ አልሳቁም። ፕላኑን አስቀረቡና ረጅም ጊዜ አዩት። ከዚያ ጠየቁ፦ «እርስዎ በሚሉት መሠረት ከመግቢያው ሦስተኛው ቤት ውስጥ የሚኖረው ማነው?»

«እኔ ነኝ» አለ ጋሽ ውሃልክ። ልብስ ሰፊዋ ዞራ አየችው። ያን ጊዜ ነው ነገሩ የገባት፤ ዓይኖቿ እንባ ሞሉ፣ እሱ ግን ወደ እሷ ማየት አልደፈረም።

ዳኛዋ በቃል ብቻ አላመኑም። በማግስቱ ጠዋት ሦስት ሰዓት ላይ ራሳቸው ግቢው ድረስ መጡ። የመጋዘኑ ጥላ፣ እንደ ሁልጊዜው፣ ውስጠኛዎቹ ስድስት በሮች ላይ ተኝቶ ነበር፤ የመግቢያው በኩል ፀሐይ ላይ ነው። ዳኛዋ በር ቁጥር አንድን በመዳፋቸው ዳሰሱት፤ ቀዝቃዛ ነበር። ሄደው አሥራ ሁለትን ሲነኩት እጃቸውን ሰበሰቡ። ሽማግሌው ወራሽ ደግሞ ሦስተኛው ቤት መስኮት ሥር ሄደው ቆመው ዛፉን እያዩ ነበር። «ይኸው ነው» አሉ ለራሳቸው። «የልጅ ዓይን አይደለም የተሳሳተው።»

ውሳኔው አጭር ነበር። ለወራሹ የሚመለሰው ከመግቢያው ሦስተኛው ቤት ነው። ተከራዩ ሕጋዊ ውል ስላለው መሥሪያ ቤቱ ምትክ ይስጠው። ቁጥሮቹ በፕላኑ መሠረት ይታረሙ፤ የተከራዮቹ ውሎች ሁሉ እንደገና ይጻፉ። ሲጻፉም በየቤቱ በእውነት የሚኖረው ማን እንደሆነ በአካል ታይቶ ይመዝገብ። ነገረ ፈጁ ይህችን የመጨረሻ ዓረፍተ ነገር ሲሰማ ፊቱ ዳመነ፤ ግን ትእዛዝ ትእዛዝ ነው። ስድስት ዓመት በሂደት ላይ የነበረው የልብስ ሰፊዋ ጉዳይ በአንድ ከሰዓት አለቀ። አዲሱ ውል ላይ የቤት ቁጥር አሥር ይላል፤ ከሥሩ ያለው የሕያው ሰው ስም ነው።

ለጋሽ ውሃልክ ደግሞ የተገኘው ምትክ ሩቅ አልነበረም። በውስጠኛው ጫፍ፣ ከመጋዘኑ ግድግዳ አጠገብ ያለው ቤት ለዓመታት የመሥሪያ ቤቱ ዕቃ መከማቻ ነበር፤ የተሰበሩ ወንበሮቹ ወጡና ቁልፉ ተሰጠው። በዚያ በር ላይ ያለው ቁጥር፣ ከሠላሳ አንድ ዓመት በፊት ከሁሉ መጀመሪያ የጻፈው አንድ ነበር።

ቁጥሮቹን የሚያርመው ሌላ ሰው እንዲሆን መሥሪያ ቤቱ ፈልጎ ነበር። ጋሽ ውሃልክ እሺ አላለም። ከሰዓት በኋላ፣ የዛፉ ጥላ ሲወርድ፣ ከመግቢያው ጀምሮ እስከ ስድስት ጻፈ፤ የቀሩትን በማግስቱ ጠዋት በመጋዘኑ ጥላ ጨረሰ። ጎረቤቶቹ ወንበር አውጥተው ተቀምጠው አዩት። አንዱ «ሰባት ውስጥ አግብቼ ስድስት ውስጥ ልሞት ነው?» አለ፤ ሌላዋ «ሁለቴ የጻፍከው ቁጥር ስንት ደረሰ?» ብላ ጠየቀችው። «አሥራ ሁለት» አለና እሱም ሳቀ። ለአንድ ሳምንት ያህል ጋሽ ስህተት ብለው ጠሩት፤ ከዚያ ስሙ አልጣፈጣቸውም መሰለኝ፣ ወደ ድሮው ተመለሱ። ሽማግሌው መድኃኒት ቀማሚም በገቡ በሁለተኛው ቀን በርጩማዋን ከዛፉ ሥር እንዳያነሳት ነገሩት። «እግሯን ያሳጠሯት ለዚህ መሬት ነው፤ ሌላ ቦታ ትዘማለች» አሉት። ትክክል ነበሩ፤ ስለዚህ ከሰዓት ከሰዓት እዚያው ሄዶ ይቀመጣል።

ጋሽ ውሃልክና ባለቤቱ የገቡበት ቤት መስኮቱ ጠበብ ያለ ነው። የድሮው መጋረጃ ሰፋባቸው። አንድ ቀን ጋሽ ውሃልክ ከገበያ ሲመለስ ቤቱ ተከፍቶ አገኘው። ልብስ ሰፊዋ ሁለት በር አልፋ ሜትሯን አንገቷ ላይ እንዳንጠለጠለች መጥታለች። ማንም ሳይጠይቃት መስኮቱን ለክታ፣ መጋረጃውን ቆርጣ፣ ጠርዙን ሰፍታ ጨርሳለች። ዘንጉን እንኳ ራሷ ናት በሚስማር የመታችው፤ አውራ ጣቷ አብጧል።

«ጋሼ፣ አስቸግሬህ ይሆን? ቀጥ ብሏል?»

ከልማድ የተነሳ ውሃልኳን አወጣና ወንበር ላይ ወጥቶ ዘንጉ ላይ አስቀመጣት። አረፋዋ ወደ ግራ ሄዳ ጥግ ያዘች። ዘንጉ በግልጽ ዘሟል፤ ዓይን ያለው ሁሉ ያየዋል። ባለቤቱ ከኋላው ሆና ትጠብቃለች። ሠላሳ አንድ ዓመት አውቃዋለች፤ መዶሻ አምጪ እንደሚል እርግጠኛ ናት።

ጋሽ ውሃልክ አረፋዋን ትንሽ አያት። ከዚያ ውሃልኳን ወደ ኪሱ መለሳት።

«ቀጥ ብሏል፣ ልጄ» አለና ከወንበሩ ወረደ።